የወንድሜ ዶማ በቢሮዎ በር ላይ ስለ መቆሙ

ከሾላ ውሃ፣ ራያና ቆቦ አውራጃ
ጥቅምት ወር 1975 ዓ.ም.

ለተከበሩ ጓድ ካሳ፣ የሾላ ውሃ ገበሬ ማኅበር ሊቀ መንበር
ግልባጭ፦ ወፍጮ ቤት ተራ ለሚጠብቅ ሕዝብ በሙሉ

ክቡር ጓድ ሊቀ መንበር ሆይ፤

ከዋጃ እስከ ጎብዬ ባለው ሜዳ ላይ ማሽላ ከሚዘራው ሕዝብ ሁሉ መካከል ለባለሥልጣን በገዛ እጁ ደብዳቤ የጻፈ የመጀመሪያው ገበሬ እኔ በድረዲን ታሂር ስሆን፣ ይህንን ክብር ለሌላ ሳልሰጥ ለእርስዎ በማድረጌ እንኳን ደስ ያለዎት እላለሁ። እርግጥ ከእኔ በፊት ሼኾችም፣ ደብተራዎችም፣ ነጋዴዎችም ብዙ እንደጻፉ መምህራችን የሺ ስለነገረችኝ ትንሽ ልቀንሰው፤ በማታው የመሠረተ ትምህርት ክፍል ከኋለኛው አግዳሚ ላይ ከምንቀመጠው መካከል የመጀመሪያው እኔ ነኝ። በኋለኛው አግዳሚ ላይ የምንቀመጠው ሁለት ነን። ሁለተኛዋ እትዬ ኡሙሰልማ ሲሆኑ፣ እርሳቸው እርስዎ በስብሰባ ላይ ቃል የገቡላቸውን መነጽር እየጠበቁ ስለሆነ ፊደሉ ገና አልታያቸውም።

ቀጥዬ ጤናዎን እጠይቃለሁ። ከቤትዎ እስከ ቢሮዎ ያለችውን ዳገት ሲወጡ ትንፋሽዎ ሳይቆራረጥ ይደርሳሉ? ጋደም ሲሉ ትራስ በትራስ ላይ ሳይደረብልዎ እንቅልፍ ይወስድዎታል? ሲመሽ ቁርጭምጭሚትዎ አያብጥም? ያቺ በግራ ጎንዎ ያለችው ልብዎስ ሳትሮጥ፣ ሳትዘገይ፣ መሐል ላይ ሳታነክስ ሥራዋን ትሠራለች? እንዲህ ዘርዝሬ መጠየቄ ከሰው ለመለየት አይደለም፤ ልብ የምትባለው ነገር ደህና ስትሆን ድምጿ እንደማይሰማ፣ ስትታመም ግን ቤቱን ሙሉ እንደምታስጨንቅ በዚህ ሰሞን ስለተማርኩ ነው። የእርስዎን ደህናይቱን አላህ ያቆይልዎ። አሜን ይበሉ፤ ሊቀ መንበር ጮክ ብሎ አሜን ማለት የማይመቸው ከሆነም በሆድዎ ይበሉት፣ ለማንም አልናገርም።

የምጽፍልዎ ስለ ታናሽ ወንድሜ ስለ አብዱሰመድ ነው። ያውቁታል። ገና ጎረምሳ ሳለ፣ ወንዙ ሞልቶ በሬዎን ጠርጎ ሲወስድብዎ ዘሎ ገብቶ በቀንዱ እየጎተተ ያወጣልዎ ያ ነው። ያኔ ገና ሊቀ መንበር አልሆኑም፤ «አያ ካሳ» ነበር የምንልዎ። እርስዎም ከነጭቃው አቅፈው ስመውት፣ «ያንተስ ልብ የአንበሳ ልብ ናት» ብለውት ነበር። ዛሬ የታመመችው ያቺው የአንበሳ ልብ ናት። ይህንን የጻፍኩት ውለታ ለመጠየቅ እንዳይመስልዎ፤ በሬው ራሱ ውለታውን ረስቶ ማሽላችን ውስጥ ሲገባ እያየሁ ባለቤቱን ላስታውስ አልደፍርም።

ጉዳዬ ባጭሩ ይህ ነው። አብዱሰመድ ዛሬ ነገ ሳይባል ደሴ ሆስፒታል መድረስ አለበት። ቃሬዛው ተሠርቷል፤ ተሸካሚዎቹ ትከሻቸውን ይዘው ይጠብቃሉ፤ አውቶቡሱ ቆቦ ላይ ይቆማል። የቀረችው አንዲት የይለፍ ወረቀት ናት፣ ከወረቀቷም ላይ የቀረችው የእርስዎ ማኅተም ናት። ያለ እርሷ ከኬላው እንደማያሳልፉን ከእርስዎ በላይ የሚያውቅ የለም። ነገር ግን ማኅተሟን በቀጥታ መጠየቅ ብልግና እንዳይሆንብኝ ስለሰጋሁ፣ እንደተማርነው ነገሬን በቁጥር ለይቼ በትሕትና አቀርባለሁ።

አንደኛ፦ ስለ በርሜሉ የማቀርበው ምስጋና

በነሐሴ መጨረሻ፣ ለአብዮቱ በዓል ከወልድያ እንግዶች ይመጣሉ ተብሎ፣ ከመንገድ ሥራ የተረፉትን የሬንጅ በርሜሎች አስመጥተው በየሰፈራችን ደጃፍ ስላቆሙልን እጅግ አድርጌ አመሰግናለሁ። ቀይ ኮከብ ተቀብቶባቸው «የእሳት አደጋ መከላከያ» ተብሎ ተጽፎባቸው ነበር። ከክፍል ውጭ በሕይወቴ ያነበብኩት የመጀመሪያ ጽሑፍ እርሱ በመሆኑ በርሜሉን እንደ መምህሬ ነው የማየው። ሴቶቻችን ከወንዝ በጀርባቸው እየተሸከሙ ሞሉት። የአብዱሰመድ ሚስት መይሙና አንዲት ጣሳ ቀድታ የልጅ ልብስ ልታጥብ ስትል ግን እርስዎ በአጋጣሚ ሲያልፉ ደርሰው፣ «ይህ የአብዮቱ ውሃ ነው፤ እንግዳ ሳያየው አይነካም» አሏት። እርሷም «እንግዲያ አብዮቱ ሲጠማው ይምጣና ይቅዳ» ብላ ባዶ ጣሳዋን ይዛ ገባች። ስለ ምላሷ ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ገና ፊደል አልቆጠረችም።

እንግዶቹ አልመጡም። ውሃው ግን እንግዳ አክባሪ ሆኖ ጠበቃቸው። ቆየና ውስጡ እንደ ክር የቀጠኑ ትሎች ጭራቸውን እያወዛወዙ ይወጡ ይወርዱ ጀመር። ቀጥላ እግሯ ላይ ነጭ ነጭ ቀለበት ያላት ትንኝ መጣች። እኛ የምናውቃት የወባ ትንኝ ጨለማ የምትወድ፣ እንደ ሌባ የምትሠራ ነበረች። ይህቺኛይቱ ግን እንደ መንግሥት ሠራተኛ ጠዋት ገብታ ማታ የምትወጣ፣ በምሳ ሰዓትም ቢሮዋን የማትዘጋ ሆነች። እንዲያ ሳለን ከአሰብ ወደብ የጉልበት ሥራ የተመለሰ አንድ ጎረቤታችን በትኩሳት ወደቀ። ከዚያ ትኩሳቱ ከበርሜል ወደ በርሜል እየተሻገረ ሰፈሩን አዳረሰው። እሳት ግን አልተነሳም፤ በዚህ በኩል በርሜሉ ግዳጁን እንደተወጣ እመሰክራለሁ።

ሁለተኛ፦ ላብ ያወጣዋል ተብሎ ስለተቆፈረው ቁፋሮ

አብዱሰመድ በመስከረም ተኛ። ንዳዱ ከዚህ በፊት የምናውቀው ዓይነት አልነበረም። ዓይኑን ከኋላ በኩል በጣት የሚገፉት ይመስል ብርሃን ማየት አቃተው፤ አጥንቱ በየመገጣጠሚያው የተፈታ ያህል ከጎን ወደ ጎን ሲገላበጥ ይጮህ ነበር፤ ገላው ላይ እንደ ኩፍኝ ያለ ቀይ ነገር ወጣበት። የጤና ጣቢያው ሰው ያላቸውን የወባ ክኒን ሰጡት፤ ከዚያ ሌላ የላቸውም፣ ከሌለው ሰው ላይ ደግሞ ቅሬታ አላቀርብም። ቆይቶም ትኩሳቱ ለቀቀው። መይሙና እልል አለች። እኔም በደስታ ብዛት አንድ ዶሮ አረድኩ፤ ዶሮዋ የእርሷ ነበረች።

እኛ ራያዎች፣ ጓድ ሊቀ መንበር፣ እርስዎም እንደኛው፣ አንድ እምነት አለን። የንዳድ ርዝራዥ በላብ ይወጣል እንላለን። ንዳድ የለቀቀው ሰው ዶማ ይዞ ላቡን ካላንጠፈጠፈ ተመልሶ ይነሳበታል ብለን ደካማውን ከመደብ ላይ ገፍተን እናስነሳለን። እኔም ብዬዋለሁ፤ አባቴም ይሉት ነበር። ለወባ ይጠቅም እንደሆነ አላውቅም። እንዲህ ላለው ትኩሳት ግን መርዝ መሆኑን የነገረን ሰው የደረሰው ዘግይቶ ነው።

ሌላም ልማድ አለን። እርስዎ ያውቁታል፤ ነገር ግን ይህ ደብዳቤ ሩቅ አገር ቢደርስ ብዬ ልጻፈው። በኛ ሰማይ ላይ አንዲት ደመና ሳትታይ ከደጋው ጎርፍ ይወርዳል። ጩኸቱ ሲሰማ ወንድ የተባለ ሁሉ ዶማውን ይዞ ወደ መጥለፊያው ይሮጣል፤ ጎርፉን ከወንዙ ጠልፎ ወደ ማሽላው የሚመልሰው ክንድ እንጂ ጸሎት ብቻ አይደለም። የቆፈረ የውሃ ተራውን ያገኛል፤ የቀረ ተራው ያልፈዋል። አባቶቻችን ይህንን ሲደነግጉ ታማሚውን አልረሱትም። የታመመ ሰው ዶማውን ይልካል። ጎረቤቱ ተቀብሎ ከቦዩ ዳር እጀታውን ወደ ላይ አድርጎ ያቆምለታል። ዶማው እስከቆመ ድረስ ሰውየው እንደቆመ ይቆጠራል፤ ውሃውም ለማሳው ይደርሰዋል። የሞተ ሰው ዶማ እንኳ እስከ አርባው ድረስ ቆሞ ለልጆቹ ውሃ ያስገባል። እንዲህ ባለ ጉዳይ ክርስቲያኑም እስላሙም ተጨቃጭቀው አያውቁም።

በመስከረም ማለቂያ ያ ጎርፍ መጣ። መይሙና የአብዱሰመድን ዶማ ሰጠችኝ፤ እኔም ከቦዩ ዳር አቆምኩት። እርስዎ ከታጣቂዎ ከአለሙ ጋር መጥተው ስም ይጠሩ ጀመር። አብዱሰመድ ሲባል እኔ በአገሩ ወግ ወደ ዶማው አመልክቼ «ቆሟል» አልኩ። እርስዎም ወደ ዶማው ሄደው፣ ነቅለው፣ ጭቃው ላይ ጣሉትና፣ «ዶማ አይቆፍርም። ይህ አድሃሪ ልማድ ነው። ትኩሳቱ ለቆት የለም እንዴ? ይምጣና ላቡን ያውጣ!» አሉ። ልማዶቻችንን መርምረው አንዱን አድሃሪ፣ አንዱን ደግሞ ተራማጅ ብለው ለመለየት የወሰደብዎት ጊዜ አንዲት ትንፋሽ ብቻ በመሆኑ አድናቆቴ ወሰን የለውም። ዶማውን ማቆም አድሃሪ ሆነ፤ ላብ ያወጣዋል ማለት ግን ሳይንስ ሆነ።

አለሙ ሄዶ አመጣው። ሲመጣ አየሁት፤ የሚራመደው መሬቱን እየለመነ ነበር። ወንድ ልጅ በሰው ፊት «አልቻልኩም» አይልምና ዶማውን ከጭቃው አነሳ። አንዴ ቆፈረ። ደገመ። ከዚያ በዶማው እጀታ ተደገፈና ወደኔ ዞረ። «አያ በድሩ» አለኝ፣ «ደረቴ ውስጥ የታሰረች ፍየል አለች። አንዴ ገመዷን ትጎትታለች፣ አንዴ ጭራሽ ትተኛለች።» እኔ ደግሞ፣ ለሰው ሁሉ መልስ የማላጣው በድሩ፣ «ፈትተህ ልቀቃት እንጂ!» አልኩት። ሰዉ ሁሉ ሳቀ። እርስዎም ሳቁ። ከንፈሩ የአመድ መልክ ሲይዝ ያየ ማንም አልነበረም። ሳቃችን ሳያልቅ በግንባሩ ቦዩ ውስጥ ወደቀ።

የጎርፉ ድምፅ እየቀረበ ነበር። ግማሻችን እርሱን ለማውጣት ገባን፤ ግማሻችን ግድቡ ላይ ቀረ፤ በዚህ መሐል መጥለፊያው ተበጠሰና ውሃው በማንም ማሳ ሳይገባ ወደ ቆላው ወረደ። እርስዎም በማግሥቱ በስብሰባ ላይ ጥፋተኛውን አገኙት። አብዱሰመድ «በሥራ ሰዓት ወድቆ ሥራ ስላደናቀፈ» የውሃ ተራው ተሰረዘ። ጎርፉን ስላልከሰሱት ጎርፉ በጣም አመስግኖዎታል።

ሦስተኛ፦ ስለ ወዳጅ አገሩ ዶክተርና ስለ እርስዎ ፍርድ

ከወደቀበት ቀን ወዲህ አብዱሰመድ ጋደም ማለት አይችልም፤ ግድግዳ ተደግፎ ነው የሚያድረው። ከመደብ እስከ በራፍ ሲሄድ ወንዝ የተሻገረ ያህል ይደክመዋል። እግሩ ላይ ጣት ቢጫኑት ጉድጓዱ ሳይሞላ ይቆያል። እንዲህ ሳለን ወደ አላማጣ የሚያልፍ የክትባት መኪና ወፍጮ ቤቱ አጠገብ ጎማው ተበሳ። ከመኪናው ኩባዊ ዶክተር ወረደ። መይሙና ይህንን ስትሰማ ነጠላዋን ሳትይዝ ሮጣ እጅጌውን ያዘች። አስተርጓሚው «ተይ እንጂ እህት፣ ሥራ አለበት» ቢላት፣ «እኔስ ምን ይዤ መጣሁ? ሥራ ነው ያመጣሁለት!» ብላ እየጎተተች አመጣችው።

ዶክተሩ ጆሮው ላይ ማዳመጫውን አድርጎ የወንድሜን ደረት ሲያዳምጥ ፊቱን አይ ነበር። ሰው ቤቱ ውስጥ ሌባ የገባ ሲመስለው እንደሚያዳምጠው ነው ያዳመጠው። ከዚያ ትንኟ የምትነክሰው ቀን ነው ወይስ ሌሊት ብሎ አስጠየቀ። መይሙና «ቀን ነው፤ ሌሊትማ ታርፋለች፣ እኛ ነን የማናርፍ» አለች። እርሱም ተነስቶ ወደ ደጅ ወጣ፤ በርሜሉን አየ፤ እጁን ከቶ ትሎቹን በመዳፉ አወጣ፤ ከዚያ ቀይ ኮከቡን በትከሻው ገፍቶ ገለበጠው።

ያለውን ቃል በቃል እጽፋለሁ፤ አስተርጓሚው ሁለት ጊዜ ደግሞልኛል። በሽታው ደንጊ የሚባለው ትኩሳት ይመስላል አለ። እዚህ የደም መመርመሪያው ስለሌለው መማል አልፈለገም፤ ነገር ግን ባለፈው ዓመት በአገሩ ብዙ ሕዝብ ሲያስተኛ በዓይኑ ስላየው መልኩን አይስተውም። ብዙው ሰው ተኝቶ ይነሳል። በጥቂቱ ላይ ግን ትኩሳቱ ለቀቀ ሲባል ልብን ይይዛል። ቁስል እንደሚቆጣ የልብ ሥጋ ይቆጣል፤ የተቆጣች ልብ ደሙን መግፋት ያቅታታል፤ ትንፋሽ የሚያጥረው፣ እግር የሚያብጠው ለዚህ ነው። መድኃኒቷ መጀመሪያ ዕረፍት ነው አለ። ዶማ ቀርቶ ሙሉ እንስራ እንዳያነሳ አለ። ካረፈችና ሐኪም ከተከታተላት ወደ ቦታዋ ልትመለስ ትችላለች፤ በግድ ካሠሯት ግን መሐል መንገድ ላይ ልትቆም ትችላለች አለ። ደሴ የልብን አመታት በወረቀት ላይ የሚሥል መሣሪያ አለ፤ በቃሬዛ ይዛችሁት ሂዱ፣ አትዘግዩ አለ። እርሱ ወደ ሰሜን ታዝዞ ስለነበር ሊወስደው አልቻለም። ሲሄድ የአብዱሰመድን ትከሻ ነካ አድርጎ በአገሩ ቋንቋ አንድ ነገር ተናገረው። አስተርጓሚው አልተረጎመልንም፤ እኛም አልጠየቅነውም።

እርስዎ በዚያች ሰዓት ደርሰው ለወዳጁ ሶሻሊስት አገር ልጅ ወታደራዊ ሰላምታ ሲሰጡ፣ በርሜሉ መገልበጡንም ሲሰሙ ሲያጨበጭቡ በማየቴ ኮርቻለሁ። የመኪናው አቧራ ሳይሰክን ደግሞ ሴቶቹን ሰብስበው፣ «ዶክተሩ እንግዳ ነው፣ ሄደ። በርሜሉ ግን የኛ ነው። ሙሉት!» አሉ። ስለ ዓላማ ጽናትዎ ምስጋናዬ ይድረስዎ። ዛሬ በርሜሉ ሙሉ ነው፤ ትሎቹም ተመልሰው ሥራ ገብተዋል።

ከዚያ የይለፍ ወረቀቱን ልጠይቅ ቢሮዎ መጣሁ። የተነጋገርነውን ሰው ሁሉ ስለሰማ መደበቅ አያስፈልግም። «ባለጉዳዩ ራሱ ይቅረብ» አሉኝ። ተሸክመን እናምጣው አልኩ። «ተሸክመው ያመጡትን ከተቀበልኩ ነገ አገሩ ሁሉ በቃሬዛ ይመጣል፤ እንደ ሰው ተራውን ይዞ፣ ቆሞ ይጠይቅ» አሉኝ። እንደምንም ቆሞ ቢመጣስ ብዬ ጠየቅሁ። «ቆሞ ከመጣማ ጤነኛ ነው! ጤነኛ ደሴ ምን ይሠራል?» አሉኝ።

ክቡር ሆይ፣ ይህንን ፍርድ እቤቴ ወስጄ፣ በፊትም በኋላም ገልብጬ አየሁት፤ መውጫ በር የለውም። ቆሞ የመጣ ጤነኛ ነው፤ ተኝቶ የቀረ አልቀረበም። እኛ በማታው ክፍል ገና መደመርና መቀነስ ላይ ነን፤ እንዲህ ያለው ሒሳብ፣ ማንም ሰው ቢገባበት ባዶ ሆኖ የሚወጣበት፣ ከፍ ያለው ትምህርት ቤት የሚሰጥ መሆን አለበት።

እኔ ግን ትዕዛዝ አክባሪ ሰው ነኝ። ባለጉዳዩ ራሱ፣ ተራውን ይዞ፣ ቆሞ ይጠይቅ ብለዋል። ስለዚህ ከገበያው ማግሥት ጀምሮ የአብዱሰመድን ዶማ አምጥቼ ከሰልፉ መጨረሻ ላይ አቆምኩት። ለማዳበሪያ የመጡት አባ አራጌ ከኋላው ነበሩ። ሰልፉ አንድ እርምጃ ሲራመድ እኔ እጄን ሳልዘረጋ አባ አራጌ ዶማውን ነቅለው ወደፊት አቆሙት፤ «ተራመድ እንጂ አብዱሰመድ፣ መንገድ ዘጋህብን» አሉት። ከዚያ በኋላ እያንዳንዱ ሰው በተራው እንደዚያው አደረገ። ማንም አልመከረ፣ ማንም አልቀሰቀሰ፤ ይህንን ጻፍልኝ ያሉኝ ብዙ ስለሆኑ ነው የጻፍኩት።

አለሙ ጠመንጃውን ወደ ኋላ አድርጎ ዶማውን ሊነቅል መጣ። ሰልፉ ላይ ያለው ሁሉ ዓይኑን አነሳና አየው። አለሙ እጀታውን ያዘ። ታናሽ ልጁ በዚሁ ትኩሳት ተኝታለች። ከዚያ ዶማው ዘንበል ብሎ ስለነበር ቀጥ አድርጎ አቆመውና ወደ ቦታው ተመለሰ። ይህንን የምጽፈው እርሱን ለማስቀጣት አይደለም፤ ዶማው ወድቆ የሰው እግር እንዳይመታ ለደኅንነት ሲል እንዳደረገው ነግሮኛል፣ እኔም አምኜዋለሁ።

አሁን ዶማው ከበርዎ ፊት ለፊት ነው። ከፊቱ ማንም የለም። ተራው የእርሱ ነው። ከእርሱ ቀድሞ ወደ ውስጥ የሚገባ ሰው ግን ጠፍቷል፤ የማዳበሪያውም፣ የዘይቱም፣ የዳኝነቱም ባለጉዳይ ከኋላው ቆሟል። ከትናንት ጀምሮ ቢሮዎ ጸጥ ያለው ሕዝቡ ችግሩ ተቃሎለት እንዳይመስልዎ ብዬ ነው ይህንን ማሳወቄ።

አራተኛ፦

አራተኛው ቅሬታዬ ረዘም ያለ ነበር። መምህርት የሺ አንብባ፣ «አባባ በድረዲን፣ ይህንን የጻፈ ሰው ለራሱም ዶማ የሚያቆምለት ሰው ቢፈልግ ይሻለዋል» ስላለችኝ በእርሳስ አጥቁሬዋለሁ። ወረቀቱን ወደ ፀሐይ ይዘው ለማንበብ እንዳይሞክሩ በትሕትና አደራ እላለሁ። በተለይ ሁለተኛውን መስመር።

እንግዲህ የምለምነው ሦስት ነገር ነበር፤ በርሜሎቹ ይደፉ፣ የውሃ ተራው ይመለስ፣ ማኅተሟ ትመታ። ነገር ግን ሥራ እንዳላበዛብዎ የመጀመሪያዎቹን ሁለቱን ትቼዋለሁ። ውሃው ለዘንድሮ አልፏል፤ በርሜሉን ሴቶቹ አንድ ቀን ራሳቸው ይደፉታል፣ መይሙና እንደሆነ ዓይኗን ጥላበታለች። ማኅተሟን ብቻ። በሬ ከወንዝ ከማውጣት ትቀልላለች፤ ቀንድ የላትም፣ አትወራጭም፣ ከጠረጴዛዎ መሳቢያ ውስጥ ናት።

ደግሞም ቂም የያዝን እንዳይመስልዎ፣ ይህንን ደብዳቤ ዛሬ ጠዋት ለአብዱሰመድ አነበብኩለት። የበሬው ጉዳይ ላይ ስደርስ ጎኑን ይዞ ከት ብሎ ሳቀ፤ «አያ በድሩ፣ ሰውየው ይህንን ካነበበ ማኅተሙን እየሳቀ ነው የሚመታልህ» አለኝ። የታመመ ሰው እንዲህ የሚስቅልዎ ከሆነ፣ ጤነኛ ሰው ምን ያህል ሊወድዎ እንደሚችል ይገምቱ።

በመጨረሻም ክቡር ሆይ፣ የመጥለፊያዎ ጭቃ፣ የሰልፍዎ ጭራ፣ የበርሜልዎ የመጀመሪያ አንባቢ፣ በስብሰባዎ ላይ ሳይታዘዝ የሚያጨበጭብ፣ ሲታዘዝ ግን እጁ የሚደክመው፣ ከእንግዲህ ወዲህ በአውራ ጣቱ የማይፈርም፣ የአብዱሰመድ ታላቅ ወንድም የሆንኩ እኔ፣ ዳገቷን በወጡ ቁጥር ልብዎ እንድትታወስዎ እየተመኘሁ፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እሰናበታለሁ።

በድረዲን ታሂር
(ፊርማዬ ይህ ነው፤ ጠመም ያለው እርሳሱ ስላጠረ ነው)

ተጨማሪ ቃል፦ ዶማውን እንዳይነቅሉት እለምናለሁ። ወይ ባለቤቱ ከደሴ ተመልሶ በገዛ እጁ ይነቅለዋል፤ ወይም እኔ በእርሱ የምቆፍረው ሌላ ጉድጓድ ሲያስፈልገኝ መጥቼ እነቅለዋለሁ። የትኛው እንደሚሆን የሚወስነው ከመሳቢያዎ ውስጥ ነው።

ደግሞ እንዳልዋሽዎ። ከላይ ከጻፍኩት ሁሉ አንዲት ነገር ከራሴ ፈጥሬአለሁ። በርሜሉ እውነት ነው፤ በሬው እውነት ነው፤ ዶማው እውነት ነው፣ መስኮትዎን ቢከፍቱ ያዩታል። አብዱሰመድ ግን አልሳቀም። የበሬው ጉዳይ ላይ ስደርስ ሊስቅ አፉን ከፈተ፤ ትንፋሹ አልደረሰለትም። እጁን አንስቶ አስቆመኝ። ቀሪውን ከደሴ ስትመለስ አነብልሃለሁ ብዬ ወረቀቱን አጠፍኩት።